በብድር የተደገፈ ሰነድ ከመግዛታችሁ በፊት፦ በአሥር ባጃጅ ተለማመዱት

ይህን የምጽፈው አንድ ዓይነት ስህተት ደጋግሜ ስላየሁ ነው። እኔም ሠርቼዋለሁ። ሚኒሶታ ያለችው ታላቅ እህቴ የኢንቨስትመንት ሒሳቧን ወረቀት በቴሌግራም ላከችልኝና «ይሄ የቤት ብድር የሚለው ምንድነው? መንግሥት ዋስ ነው ይላል፣ ታዲያ ለምን ቀነሰ?» አለችኝ። ጅማ፣ ፈረንጅ አራዳ ቡና እየጠጣሁ ነበር። ሳላስብ «ዋስ ካለውማ አይቀንስም፣ እነሱ ተሳስተው ይሆናል» ብዬ መለስኩላት። የተሳሳትኩት እኔ ነበርኩ። ከዚያ በኋላ ሦስት ሳምንት ያህል እያነበብኩ፣ እየጻፍኩ፣ እየሰረዝኩ ነገሩን ፈታሁት። እናንተ በአንድ ቅዳሜ ከሰዓት ልትጨርሱት ትችላላችሁ።

ነገሩ እንዲህ ነው። አበዳሪ ለብዙ ሰው ያበድራል። ብድሮቹን በአንድ ጆንያ ይከትታል። ጆንያውን ከፋፍሎ ይሸጣል። እናንተ የምትገዙት ቤቱን ወይም መኪናውን አይደለም፤ ተበዳሪዎቹ በየወሩ የሚከፍሉትን ገንዘብ ነው። ብድሩ የቤት ከሆነ ኤምቢኤስ ይሉታል። የመኪና፣ የክሬዲት ካርድ፣ የተማሪ ወይም የማሽነሪ ኪራይ ከሆነ ኤቢኤስ ይሉታል።

ከመጀመራችሁ በፊት

እነዚህን አዘጋጁ፦
- የሰነዱን ፕሮስፔክተስ፣ ማለትም ዋናውን የሽያጭ መግለጫ። የማስታወቂያ ወረቀቱን አይደለም።
- የመጨረሻዎቹን ሦስት ወራት ሪፖርት።
- ደብተር፣ ካልኩሌተር እና 10 ፍሬ ቡና። ቡናው ለቀልድ አይደለም፣ ደረጃ 3 ላይ ትፈልጉታላችሁ።

አሜሪካ ለሕዝብ የተሸጡ የኤቢኤስ ሰነዶች መግለጫ ኤድጋር በሚባለው የመንግሥት ድረ ገጽ በነፃ ይገኛል። ፋኒ ሜይ፣ ፍሬዲ ማክ እና ጂኒ ሜይ የሚባሉት የአሜሪካ የቤት ብድር ድርጅቶች ዋስ የሆኑባቸው ደግሞ በየራሳቸው ድረ ገጽ አሉ። የሰነዱ መለያ ኩሲፕ የሚባለው 9 ፊደልና ቁጥር ነው። ሻጩ ኩሲፕ ሊሰጣችሁ ካልፈለገ እዚያው አቁሙ።

ማስጠንቀቂያ፦ ጅማ ተቀምጣችሁ፣ ገቢያችሁ በብር ሆኖ፣ የአሜሪካ ሰነድ ልሽጥላችሁ የሚል ሰው ከመጣ ተጠንቀቁ። ብር ቀይሮ ወደ ውጭ ልኮ ሰነድ መግዛት እንደ ልብ የሚደረግ ነገር አይደለም። አንድ ጎረቤቴን «የአሜሪካ የቤት ብድር ነው፣ በወር 10 በመቶ ይከፍላል» ብለው በቴሌግራም አግባብተውት ነበር። ለማነጻጸር ያህል፣ አሜሪካ ውስጥ ቤት የሚገዛ ሰው በጥቅምት 2023 እ.ኤ.አ. መጨረሻ በዓመት 7.79 በመቶ ወለድ ነበር የሚከፍለው፤ ያውም ከፍተኛ የተባለው ጊዜ ነው። ተበዳሪው በዓመት 8 የማይሞላ እየከፈለ ለእናንተ በወር 10 ከየት ይመጣል?

እዚህ አገር ደግሞ ለሕዝብ የሚሸጥ ሰነድ የሚተዳደረው በካፒታል ገበያ አዋጅ ቁጥር 1248/2013 ነው። ሻጭ ነኝ ያለ ሁሉ ፈቃድ እንዳለው ከኢትዮጵያ ካፒታል ገበያ ባለሥልጣን አጣሩ። አሜሪካ ያለ ዘመድ ከሆነ ሻጩን ብሮከርቼክ በሚባለው ነፃ መፈለጊያ ስሙን ያስገባ።

ወለድ የማትበሉ ከሆናችሁም እዚሁ ወስኑ። የዚህ ሰነድ ገቢ ወለድ ነው፣ ስሙ ቢቀየርም ያው ነው። ሱኩክ የሚባለው፣ በእስልምና ሕግ ያለ ወለድ የሚዘጋጀው ሰነድ፣ ሌላ ነገር ነው፣ እዚህ አላነሳውም።

ደረጃ 1፦ ጆንያው ውስጥ የማን ዕዳ አለ?

ፕሮስፔክተሱን ከመጀመሪያ ገጽ ማንበብ አትጀምሩ። ትሰለቻላችሁ። ስለ ብድሮቹ ወደሚዘረዝረው ክፍል ሂዱና አምስት ነገር ደብተራችሁ ላይ ጻፉ።

ሀ. ስንት ብድር አለ? አሥር ሺህ ትናንሽ ብድር እና አሥር ትልልቅ ብድር አንድ አይደሉም።

ለ. መያዣው ምንድነው? ቤት ዋጋው ሊወጣም ሊወርድም ይችላል። መኪና ከሱቅ በወጣ ቀን ይቀንሳል። ክሬዲት ካርድ መያዣ የለውም፤ ያለው የሰውየው ቃል ብቻ ነው።

ሐ. ከመያዣው ዋጋ ስንቱ ነው ብድር የሆነው? 100 ብር የሚያወጣ ቤት ላይ 80 ከተበደሩ፣ ቤቱ በ15 ቢቀንስም አበዳሪው ገና አልተነካም። 97 ከተበደሩ ተነክቷል።

መ. ተበዳሪዎቹ ከዚህ በፊት ዕዳ ይከፍሉ ነበር? አሜሪካ ለዚህ ፊኮ የሚባል ከ300 እስከ 850 የሚደርስ ነጥብ አላቸው። አማካዩን ብቻ ሳይሆን የታችኞቹን ድርሻ እዩ፤ አማካይ ብዙ ነገር ይደብቃል።

ሠ. የት ነው የሚኖሩት? ይህችን ሰው ሁሉ ይዘላታል። ጅማ ያለ ሰው ግን መዝለል የለበትም። የቡናው ዋጋ ሲወድቅ ነጋዴው ብቻ አይደለም የሚቸገረው። ጫኙ፣ ባጃጅ ነጂው፣ ሄርማታ ያለው ልብስ ሻጭ፣ ቤት አከራዩ ሁሉ አብረው ይቸገራሉ። ሁሉም ተበዳሪ ከአንድ ከተማ ወይም ከአንድ ሥራ ከሆነ መቶ ብድር አንድ ብድር ነው።

ካልተሳካ፦ እነዚህ ቁጥሮች መግለጫው ላይ ከሌሉ «ይኖራሉ» ብላችሁ አትለፉ። ክፍት ቦታ ተዉና ሻጩን በጽሑፍ ጠይቁ። በስልክ የተነገራችሁን አትቁጠሩ።

ደረጃ 2፦ ዋሱ ማነው፣ የሚዋሰውስ ምንን ነው?

ጂኒ ሜይ ከሆነ ከኋላው ያለው የአሜሪካ መንግሥት ነው። ፋኒ ሜይ እና ፍሬዲ ማክ ከሆኑ ዋሶቹ ራሳቸው ድርጅቶቹ ናቸው፤ ከመስከረም 2008 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በመንግሥት ሞግዚትነት ሥር ቢገቡም እንደ ጂኒ ሜይ ያለ ቀጥተኛ የመንግሥት ዋስትና አይደለም። ሌላ የግል ድርጅት ያወጣው ከሆነ ዋስ የለም እንበል፤ ጥበቃው ያለው በደረጃ 3 ላይ በምናየው አከፋፈል ውስጥ ነው።

አሁን እኔ የተሳሳትኩበትን በቀይ ጻፉት፦ ዋሱ የሚዋሰው ተበዳሪው ባይከፍል ነው። የሰነዱ የገበያ ዋጋ ቢወርድ ብሎ አይዋስም።

ደረጃ 3፦ በአሥር ባጃጅ አስሉት

ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው። ስለዚህ ቀስ በሉ። 10ሩን ፍሬ ቡና ጠረጴዛ ላይ ደርድሩ። እያንዳንዷ ፍሬ ጅማ ውስጥ የሚሠራ አንድ ባጃጅ ናት፤ እያንዳንዱ ባለቤት 100,000 ብር አለበት እንበል። ወለዱ በዓመት 20 በመቶ ነው። ስሌቱ እንዲቀል ሁሉም ዋናውንም ወለዱንም በዓመቱ መጨረሻ በአንድ ጊዜ ይከፍላሉ። ቁጥሩ ለልምምድ የተሠራ ነው።

ጆንያው 1,000,000 ብር ነው። ለሦስት ተሸጧል፦
- ሀ፦ 700,000 ብር አስገብቷል፣ 14 በመቶ ይከፈለዋል። መጀመሪያ ይቀበላል።
- ለ፦ 200,000 ብር አስገብቷል፣ 18 በመቶ ይከፈለዋል። ሁለተኛ ይቀበላል።
- ሐ፦ 100,000 ብር አስገብቷል። የተረፈውን ይወስዳል፣ ካልተረፈ ባዶ እጁን ይሄዳል።

ከሁሉም በፊት ገንዘቡን የሚሰበስበው ሰው 10,000 ብር ይወስዳል። ሰብሳቢው ሁልጊዜ ቀድሞ ይበላል፣ ይህን እወቁት።

ውሃ በፈረቃ የሚመጣበት ሰፈር የኖረ ሰው ይህ አይቸግረውም። ቧንቧው ሲመጣ መጀመሪያ ትልቁ በርሜል ይሞላል። ቀጥሎ ትንሹ በርሜል። ከተረፈ ጀሪካኑ። ውሃው ቶሎ ከሄደ የሚደርቀው ጀሪካኑ ነው።

ሁሉም ከከፈሉ፦ 1,200,000 ይገባል። ሰብሳቢው 10,000፣ ሀ 798,000፣ ለ 236,000 ይወስዳሉ። ሐ 156,000 ይደርሰዋል። 100,000 አስገብቶ 56,000 አተረፈ። አሁን ሁሉም ሰው ሐን መሆን ይፈልጋል።

ሁለት ፍሬ አንሱ። ሁለቱ ምንም አልከፈሉም፣ ባጃጃቸው ተይዞ እያንዳንዱ በ40,000 ተሸጠ። የሚገባው 8 × 120,000 ሲደመር 80,000፣ ማለትም 1,040,000 ነው። ሰብሳቢውንና ሀን ከፍላችሁ 232,000 ይቀራል። ለ 4,000 ጎደለው። ሐ ግን ያስገባው በሙሉ ጠፋ። ከአሥር ያልከፈሉት ሁለት ብቻ ናቸው!

ሦስተኛ ፍሬ አንሱ። 960,000 ይገባል። ለ ከ236,000 ውስጥ 152,000 ብቻ ያገኛል።

አምስት እስክታነሱ ድረስ ሀ ሙሉውን ይቀበላል። አምስተኛዋ ላይ 8,000 ይጎድለዋል። «እንግዲህ ሀ አይነካም» ያላችሁት እዚህ ጋ ነው። ቆዩ።

አሁን ከተማው ውስጥ ባጃጅ በዋና መንገድ እንዳይሄድ ተከለከለ እንበል። አራት ሰው መክፈል አቃተው። የተያዘውን ባጃጅ ግን የሚገዛ የለም፤ ማን ይገዛል? የመሸጫው ዋጋ ዜሮ ሆነ እንበል። የሚገባው 6 × 120,000 ማለትም 720,000 ብቻ ነው። ሰብሳቢው 10,000 ወሰደ። ሀ 798,000 መቀበል ሲገባው 710,000 አገኘ፤ 88,000 ጎደለው። ያልከፈሉት ቁጥራቸው ከቅድሙ ያነሰ ነው፣ ጉዳቱ ግን ከአሥር እጥፍ በላይ ሆነ። የማይከፍል ሰው የበዛውና መያዣው ዋጋ ያጣው በአንድ ምክንያት፣ በአንድ ጊዜ ስለሆነ ነው። አሜሪካ በ2008 እ.ኤ.አ. የሆነው ይኸው ነው። የቤት ዋጋ በአንድ ሰፈር ሳይሆን በአገር ደረጃ ወረደ፣ ሦስት ኤ፣ ማለትም ከሁሉ የላቀው የአስተማማኝነት ደረጃ፣ ከተሰጣቸው ሰነዶች እንኳ የከሰሩ ነበሩ።

ስለ ሦስት ኤ ካነሳን፦ ደረጃ ለሚሰጠው ድርጅት ብዙውን ጊዜ የሚከፍለው ሰነዱን ያወጣው ነው። ደረጃውን እዩት፣ ግን የራሳችሁን ስሌት አይተካም።

አሁን የእውነተኛውን ሰነድ መግለጫ ክፈቱና የአከፋፈል ቅደም ተከተሉን ፈልጉ። እናንተ ልትገዙት ያሰባችሁት ሀ ነው፣ ለ ነው፣ ሐ ነው? ከበታቻችሁ ስንት በመቶ ትራስ፣ ማለትም ከእናንተ በፊት ኪሳራውን የሚሸከም ገንዘብ፣ አለ? በእኛ ምሳሌ ለሀ ትራሱ 30 በመቶ ነው፣ ለለ ደግሞ 10። ሻጩ ራሱ ስንት እንዳስቀረም ጠይቁ። አሜሪካ ከቀውሱ በኋላ የወጣው ሕግ ሻጩ በመደበኛው 5 በመቶ ስጋቱን ራሱ እንዲሸከም ያስገድዳል፣ ነፃ የሚወጡ ዓይነቶች ቢኖሩም።

የመያዣ ሽያጭ ስንት ጊዜ እንደሚፈጅም እዩ። እኛ አገር ባንክ በአዋጅ ቁጥር 97/1990 መሠረት የፍርድ ቤት ውሳኔ ሳይጠብቅ መያዣን በሐራጅ መሸጥ ይችላል። አሜሪካ እንደየክፍለ ግዛቱ ይለያያል፤ አንዳንዱ ጋ በፍርድ ቤት ብቻ ስለሆነ ይጓተታል። ሲጓተት ወጪ አለ።

ካልተሳካ፦ ድምራችሁ ካልገጠመ አብዛኛውን ጊዜ የረሳችሁት ሰብሳቢው ነው። ሁለተኛው ምክንያት ያልከፈለውን ሰው ወለድ መቁጠራችሁ ነው። ፍሬዋ ከተነሳች ወለዷም ተነስቷል።

ደረጃ 4፦ ቀድሞ የሚከፍለውን ፍሩ

እንግዳ ይመስላል። ዕዳውን ቀድሞ የሚዘጋ ሰው ጨዋ አይደል? ለእናንተ ግን ችግር ነው።

አሜሪካ ባለ ቤቱ አብዛኛውን ጊዜ ያለ ቅጣት ዕዳውን ቀድሞ መዝጋት ይችላል። ወለድ ሲቀንስ በርካሽ ተበድሮ የድሮውን ይዘጋል። የእናንተ ገንዘብ ይመለሳል። መቼ? ሌላ ቦታ ብታስገቡት ደህና ወለድ በማታገኙበት ጊዜ። ወለድ ሲወጣ ደግሞ ማንም አይዘጋም። በጥር 2021 እ.ኤ.አ. አካባቢ በ2.65 በመቶ የተበደረ ሰው በ2023 ወለዱ 7 ሲያልፍ ለምን ይዘጋል? አንቆ ይይዛታል። እናንተም በ3 በማይሞላ ወለድ ተቀምጣችሁ ጎረቤታችሁ 7 ሲበላ ታያላችሁ። ስትፈልጉት አይመጣም፣ ሳትፈልጉት ከች ይላል።

የእህቴም ምስጢር ይኸው ነበር። በ2022 እ.ኤ.አ. ወለድ በፍጥነት ሲወጣ ዋስ ያለው የአሜሪካ የቤት ብድር ሰነድ በአጠቃላይ 12 በመቶ ገደማ ወረደ። ተበዳሪዎቹ እየከፈሉ ነበር። ዋሱም ነበረ። የድሮውን ዝቅተኛ ወለድ በሙሉ ዋጋ የሚገዛ ግን አልነበረም።

የሚደረገው፦
1. የሰነዱን አማካይ ዕድሜ ፈልጉ፤ ዋናው ገንዘብ በአማካይ በስንት ዓመት እንደሚመለስ ማለት ነው። አንድ ቁጥር ብቻ ከሰጧችሁ አትቀበሉ፤ ወለድ ቢወጣ ስንት ዓመት፣ ቢወርድ ስንት ዓመት ይሆናል ብላችሁ ጠይቁ።
2. ዱሬሽን የሚሉትን ቁጥር ጻፉ። 6 ከሆነ፣ ወለድ በ1 የመቶኛ ነጥብ (ለምሳሌ ከ4 ወደ 5 በመቶ) ሲወጣ ዋጋው 6 በመቶ ገደማ ይወርዳል።
3. ለ100 ቀሪ ዕዳ ከ100 በላይ ከፍላችሁ አትግዙ፣ ምክንያቱን ካላወቃችሁ በቀር። በ104 ገዝታችሁ ተበዳሪው ነገ ቢዘጋ የሚመለስላችሁ 100 ነው። አራቷ ቀልጣለች።

ደረጃ 5፦ ወርሃዊውን ሪፖርት አንብቡ

መጀመሪያ ፋክተር የሚለውን ፈልጉ። ከመጀመሪያው ዕዳ ስንት እንደቀረ ይናገራል። በመነሻው 50,000 ዶላር የነበረ ሰነድ ፋክተሩ 0.62 ከሆነ የቀረው 31,000 ነው። ዋስ ያለው ሰነድ ከሆነ 19,000ው አልጠፋም፣ እየተመለሰ በየወሩ ደርሷችኋል። ይህን አይተው «ተበላሁ» ብለው የጮኹ ሰዎች አሉ።

ተቃራኒው ስህተት ግን ይበልጥ ይጎዳል፤ የመጣውን ሁሉ ትርፍ ነው ብሎ መብላት። 100,000 አስገብታችሁ በወር 1,500 ቢመጣ በዓመት 18 በመቶ አትበሉ። ከዚያ ውስጥ 1,000ው የራሳችሁ ገንዘብ ተመላሽ ከሆነ ወለዱ 500 ነው፤ በዓመት 6 በመቶ ገደማ። ሁለት አምድ ሥሩ። አንዱ ወለድ፣ አንዱ የዋናው ተመላሽ። የዋናውን አምድ አትንኩት፣ ካልሆነ ላሚቱን እየበላችሁ ወተት ጠጣሁ ማለት ነው።

ቀጥሎ የዘገዩትን እዩ፦ 30 ቀን፣ 60 ቀን፣ 90 ቀን። ሦስት ወር ጎን ለጎን አስቀምጡ። የ30ው ቁጥር ወደ 60፣ የ60ው ወደ 90 እየተንከባለለ ከሆነ ፍሬዎቹ መነሳት ጀምረዋል።

ደረጃ 6፦ ነገሩ ሲበላሽ

ዋጋው ወረደ፣ ክፍያው ግን አልጎደለም፦ የወለድ ጉዳይ ነው። ገንዘቡን ቅርብ ጊዜ የማትፈልጉት ከሆነ በድንጋጤ አትሽጡ። የምትፈልጉበትን ቀን ከአማካይ ዕድሜው ጋር አስተያዩ።

ክፍያው በድንገት በዛ፦ አትደሰቱ። ተበዳሪዎች እየዘጉ ነው። ፋክተሩን እዩ፣ የመጣውን በዋናው አምድ መዝግቡ።

የዘገዩ በዙ፣ የበታች ትራስም ሳሳ፦ ለ ወይም ሐ ከያዛችሁ በደረጃ 3 ስሌት እንደገና ሥሩት፤ በዚህ ጊዜ መያዣውን በግማሽ ዋጋ። ያን ጊዜ የሚጎድለው ከምትችሉት በላይ ከሆነ ገዢ ሳለ ውጡ። በክፉ ቀን የዚህ ገዢ ቶሎ ይጠፋል።

በፈንድ፣ ማለትም የብዙ ሰው ገንዘብ ሰብስቦ ብዙ ሰነድ በሚገዛ ተቋም፣ በኩል የያዛችሁት ከሆነ አንድ ሰነድ ፈልጋችሁ አትድከሙ። የፈንዱን ዱሬሽን፣ ስንቱ ዋስ ያለው እንደሆነ እና ፈንዱ የሚያስከፍላችሁን ብቻ አውጡ። የእህቴ ሦስት መስመር ሆኖ ነው ያለቀው። ዱሬሽኑ 6 ዓመት ገደማ ነበር። ለጡረታዋ ገና ብዙ ስለቀራት ያንን ተወችው። ለልጇ ትምህርት በሁለት ዓመት ውስጥ የምትፈልገውን፣ በሌላ ሒሳብ እዚያው ፈንድ ውስጥ ያስቀመጠችውን ግን አወጣች። «ያኔ ተሳስተው ነው ያልከኝን አልረሳሁትም» ትለኛለች እስከ ዛሬ፣ ወረቀቱን በላከች ቁጥር።